የቅኝ ግዛት ወሰንና የእንቅልፍ በሽታ በቪክቶሪያ ሐይቅ

እ.ኤ.አ. በ1890 ብሪታንያና ጀርመን ባደረጉት ስምምነት የቪክቶሪያ ሐይቅ ከምድር ወገብ በስተደቡብ 1 ዲግሪ ላይ በተሰመረ ወሰን ለሁለት ተከፈለ። ሰሜኑ ለብሪታንያ፣ ደቡቡ ለጀርመን ደረሰ። ዓሣ አጥማጁና ነጋዴው ግን እንደ ቀድሞው በታንኳ ይመላለስ ነበር።

ከ1900 ገደማ ጀምሮ በሰሜኑ ዳርቻ የእንቅልፍ በሽታ ወረርሽኝ ተነሣ፤ በኡጋንዳ ከ200,000 በላይ ሰዎች እንደ ሞቱ ይገመታል። በ1903 ዴቪድ ብሩስ የበሽታው አስተላላፊ የቆላ ዝንብ መሆኑን አረጋገጠ። የብሪታንያ አስተዳደርም ከ1906 ጀምሮ ነዋሪውን ከሐይቁ ዳር አስነሣ። ሕዝቡ ከዝንቡ ቢርቅም መሬቱንና ዓሣውን አጣ፤ የተተወው እርሻም በቁጥቋጦ ተሸፍኖ ለዝንቡ ተስማሚ መኖሪያ ሆነ። በ1908 ሁለቱ መንግሥታት ስለ በሽታው መረጃ ለመለዋወጥና የሕሙማንን ዝውውር ለመቆጣጠር ተስማሙ። ይህ የሆነው ወረርሽኙ ከተነሣ ከ8 ዓመታት ገደማ በኋላ ነው።

ከዚህ የሚገኘው ትምህርት ግልጽ ነው። በነፍሳት የሚተላለፍ በሽታ የሚከተለው የአስተዳደር ካርታን ሳይሆን የአስተላላፊውን መኖሪያና የሰውን እንቅስቃሴ ነው። ስለዚህ የጤና ባለሙያው ታማሚውን «የት ትኖራለህ?» ብሎ ብቻ ሳያበቃ፣ የት እንደሚሠራ፣ ውኃ ከየት እንደሚቀዳና በየትኛው መንገድ እንደሚመላለስ ሊጠይቀው ይገባል።