የገበሬን ኑሮ በፊልም ያሳዩ ሰው

በጨለማ ሌሊት ልጆች ጫፉ የተቀጣጠለ እንጨት ይዘው ሲያሽከረክሩ አይታችሁ ይሆናል። እሳቱ ያለው በእንጨቱ ጫፍ ላይ ብቻ ነው። ነገር ግን ቶሎ ቶሎ ሲዞር ለዓይናችን የእሳት ቀለበት ይመስላል። ፊልምም የሚሠራው እንዲሁ ነው። የፊልም ማንሻ መሣሪያ በአንድ ሰኮንድ ውስጥ 24 ፎቶግራፍ ያነሳል። ፎቶግራፎቹ በዚያው ፍጥነት ተከታትለው በነጭ ሸራ ላይ ሲታዩ ሰው ሲራመድ፣ በሬ ሲያርስ፣ ወንዝ ሲወርድ እናያለን።

ይህን ሥራ የሚመራው ሰው የፊልም አዘጋጅ ይባላል። ማን ምን እንደሚናገር፣ የቱ እንደሚታይና የቱ እንደሚቀር የሚወስነው እሱ ነው። እንግዲህ አንድ ፊልም ሲታይ አዘጋጁ ማን ነው? የማንን ኑሮ ያሳያል? ብሎ መጠየቅ ይገባል። ከኢትዮጵያ አዘጋጆች ይህን ጥያቄ አጥብቀው የያዙት ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ናቸው።

ኃይሌ ገሪማ የካቲት 25 ቀን 1938 ዓ.ም. ጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ ተውኔት እየጻፉ ለሕዝብ ያሳዩ ነበር። በከተማው ሲኒማ ቤት የሚታየው ፊልም ግን ከውጭ አገር የመጣ ነበር። ታርዛን የሚባል ነጭ በአፍሪካ ጫካ ውስጥ ጥቁሮችን ሲያሸንፍ የጎንደር ልጆች ለታርዛን ይደሰቱ ነበር። ኃይሌም አንዱ ነበሩ። ካደጉ በኋላ ይህን ነገር በቁጭት እያነሱ ተናግረውታል። ጥቁር ልጅ ጥቁር ሲመታ እኮ ነው የሚደሰተው! ፊልም ሰውን ከራሱ ጋር ሊያጣላው ይችላል ማለት ነው።

በ1950ዎቹ መጨረሻ አሜሪካ ሄደው በቺካጎ ከተማ ትወና፣ ማለትም በመድረክ ላይ ሌላ ሰው መስሎ መጫወትን ተማሩ። ለጥቁር ተዋናይ የሚሰጠው ቦታ ግን የዝቅተኛና የታዛዥ ሰው ቦታ ነበር። ይህ አስመረራቸው። ወደ ሎስ አንጀለስ ከተማ ተሻግረው የፊልም ሥራ ተማሩ።

ገና ተማሪ ሳሉ፣ ዘውዳዊው መንግሥት በወደቀበት ወቅት፣ ወደ ሀገራቸው መጥተው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተባለውን ፊልም አነሱ። ቀረጻው ሁለት ሳምንት ያህል ብቻ ፈጀ። የሚናገሩበት ቋንቋ አማርኛ ነው። ባላባቱ ከፍ ካለ ቦታ ተቀምጦ ይቆጣል፣ ያዛል። ጭሰኛውና ቤተ ሰቡ ከታች ያርሳሉ፣ ከብት ይጠብቃሉ። አንድ ቀን ልጅቱ የባላባቱን ላም ከውሃ ሙላት ለማዳን ስትሞክር ጎርፍ ይወስዳታል። በክረምት የበሽሎን ሙላት ያየ ሰው ይህን ሲያይ ልቡ ይቆማል። በመጨረሻም መሬቱን የተነጠቀና ሰው ሁሉ እብድ የሚለው አንድ ሰው ባላባቱን በዱላ መትቶ ይገድለዋል።

የመካነ ሰላም ወይም የወግዲ ገበሬ ፊልሙን ቢያይ ቀንበሩ ያው ቀንበር፣ ሞፈሩ ያው ሞፈር ነው። «ታዲያ የማውቀውን ማየት ምን ያደርግልኛል?» ይል ይሆናል። ፊልሙ ግን በአውሮፓ ታይቶ ተሸልሟል። ማረሻ ጨብጦ የማያውቅ ሰው ሁለት ሰዓት ተኩል ተቀምጦ የጭሰኛን ድካም አየ። አዘጋጁም አላስቸኮሉትም፤ እርሻው ቀስ እያለ እንደሚሄድ ፊልሙም ቀስ ይላል። ፊልሙ የወጣው በ1968 ዓ.ም. ነው። የገጠር መሬት አዋጅ የታወጀው ከዚያ በፊት፣ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. ሲሆን ዕለቱ ኃይሌ 29 ዓመት የሞላቸው ቀን ነበር።

ከዚያ በኋላ በዋሽንግተን በሐዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት እያስተማሩ ፊልም ሠሩ። በ1985 ዓ.ም. የታየው «ሳንኮፋ» ከአፍሪካ ተሸጠው ወደ አሜሪካ ስለ ተጋዙ ባሮች ይናገራል። ስሙ የጋና ሕዝብ ቃል ነው፤ ተመልሰህ የተውከውን አንሳ ማለት ነው። የአሜሪካ ፊልም አከፋፋዮች አንቀበልም አሉ። ኃይሌም እህሉን ለነጋዴ ከመጣል ራሱ ገበያ እንደሚያወጣ ገበሬ፣ ሲኒማ ቤት ራሳቸው እየተከራዩ ከከተማ ከተማ አሳዩት። ሕዝቡም ተሰልፎ ገባ።

«ጤዛ» የተባለው ፊልማቸው በ2000 ዓ.ም. ማለቂያ በኢጣሊያ ቬኒስ ከተማ፣ በየካቲት 2001 ዓ.ም. ደግሞ በቡርኪና ፋሶ ትልቁን የአፍሪካ ፊልም ሽልማት አገኘ። በጀርመን ተምሮ አንድ እግሩን አጥቶ ወደ እናቱ መንደር ስለተመለሰ ሰው ይተርካል። ጊዜው የደርግ ዘመን ማብቂያ ነው። ወታደሮች ልጆችን ለጦርነት ያፍሳሉ፤ ልጆቹም ዋሻ ገብተው ይደበቃሉ። የአፈሳን ዘመን የሚያስታውሱ የወሎ እናቶች ይህን ክፍል ያለ አስረጂ ይረዱታል። ጤዛ ምን እንደሆነ፣ ፀሐይ ስትወጣ ምን እንደሚሆን ለገበሬ አይነገርም።