ያበቃ ውልና አዲስ ጨረታ፤ ስለ ጥቂት የሕግ ቃላት አጠቃቀም

ውል በዕለት ንግግራችን የፈትል መያዣ ጫፍም ስለሆነ፣ መላው የጠፋ ነገር ሲያጋጥመን «ውሉ ጠፋ» እንላለን። የሕጉም ውል ተስማሚ ግሥ ካልተሰጠው ጫፉ ይጠፋል። ይህ በይበልጥ የሚታየው አንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ለተወሰነ ዘመን የገባው ውል ሲያበቃና ለዚያው ሥራ አዲስ ጨረታ ሲወጣ በሚነሣው ክርክር ነው።

እንደሚታወቀው፣ የፍትሐ ብሔር ሕጋችን በፈረንሳይኛ ከተረቀቀ በኋላ ወደ አማርኛ ተመልሶ በ1952 ዓ.ም. ታወጀ፤ ከመስከረም 1 ቀን 1953 ዓ.ም. ጀምሮም ጸና። የአስተዳደር መሥሪያ ቤቶችን ውሎች የሚመለከቱት ድንጋጌዎች ከቁጥር 3131 እስከ 3306 ያሉት ናቸው። ስለዚህ በዚህ መስክ የቃላት ምርጫ ገና ከመነሻው የተርጓሚ ሥራ ነበር።

ለምሳሌ ያህል፣ አንድ መሥሪያ ቤት ለሁለት ዓመት የጽዳት አገልግሎት ውል ገባ እንበል። ዘመኑ ሲደርስ «ውሉ ተሰርዟል» ብሎ ቢጽፍና አዲስ ጨረታ ቢያወጣ፣ የቀድሞው ተዋዋይ «ማን ሰረዘው? በምን ጥፋቴ?» ብሎ ካሣ ሊጠይቅ ይነሣል። ጠቡን ያመጣው ግሡ ነው። «ተሰረዘ» በተደራጊነት የቆመ ግሥ በመሆኑ ስሙ ባይጠራም አድራጊ እንዳለ ያመለክታል፤ «አበቃ» ግን አድራጊ አያሻውም፤ ዘመኑ ራሱ ይበቃዋል። «ተቋረጠ» ደግሞ ሥራው ከመጨረሻው ሳይደርስ መቆሙን ያሳያል። «ፈረሰ» የሚባለው ውሉ ሲመሠረት ጉድለት የነበረበት እንደሆነ፣ ይኸውም ፈቃዱ በስሕተት፣ በተንኰል ወይም በኃይል የተገኘ ሲሆን ነው። እነዚህን አራት ግሦች እንደ ተመሳሳይ ቃላት ማፈራረቅ ለጽሑፍ ውበት ቢረዳም ለፍርድ አይረዳም።

ሁለተኛው ጥንድ «መራዘም» እና «መታደስ» ነው። የተራዘመ ውል ያው የነበረው ውል ነው፤ ዘመኑ ብቻ ረዘመ። የታደሰ ግን አዲስ ውል ነው። በመሆኑም መሥሪያ ቤቱ «አድሰናል» ሲል፣ ሌላው ነጋዴ «አዲስ ከሆነ ጨረታው የታለ?» ብሎ ለመከራከር መንገድ ያገኛል።

ሦስተኛው ችግር «ጊዜው ያለፈበት» የሚለው ሐረግ ነው። ዘመኑ ያበቃ ውልንም፣ በይርጋ የታገደ የክስ መብትንም በአንድነት ይሸከማል። ነገር ግን ሁለቱ የተለያዩ ናቸው። ውሉ ቢያበቃም ያልተከፈለ ሒሳብ የመጠየቅ መብት አብሮ አያበቃም፤ በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1845 መሠረት፣ ሌላ ድንጋጌ ከሌለ በቀር፣ የይርጋው ዘመን 10 ዓመት ነው። ተርጓሚ «ጊዜው አልፎበታል» ብሎ በደፈናው ከጻፈ፣ ባለመብት የነበረውን ሰው መብት የሌለው ሊያስመስለው ይችላል።

ወደ ጨረታ ስንመጣ፣ ቃሉ ሁለት ተቃራኒ ገበያዎችን ያገለግላል። መንግሥት ዕቃ ሲሸጥ ዋጋ የጨመረ ያሸንፋል፤ ሥራ ሲያሠራ ግን፣ ሌላው መመዘኛ ከተሟላ፣ ዋጋ የቀነሰ ይመረጣል። ለፍርድ ቤት ሽያጭ «ሐራጅ» የሚል ቃል አለን። በ2001 ዓ.ም. የወጣው የመንግሥት የግዥና የንብረት አስተዳደር አዋጅ «ግልጽ ጨረታ» እና «ውስን ጨረታ» የሚሉትን መጠቀሙም ቅጽሉ የስሙን ስፋት እንደሚገድብ ያሳያል። እንደዚሁም «አዲስ ጨረታ» እና «ድጋሚ ጨረታ» መለየት አለባቸው። የመጀመሪያው ያበቃውን ውል የሚከተል ነው፤ ሁለተኛው ያልተሳካ ወይም የተሰረዘ ጨረታ እንደገና ሲወጣ ነው። በኋለኛው የቀድሞዎቹ ተጫራቾች ቅሬታ ሊኖራቸው ይችላል፤ በፊተኛው ግን አሮጌው ውል ያፈራው የተጫራችነት መብት የለም።

ከዚህ በመነሣት የምናቀርበው ሐሳብ የሚከተለው ነው። ዘመኑን ለጨረሰ ውል «ያበቃ ውል»፣ በአንድ ወገን ጥፋት ለቀረ «የተሰረዘ ውል»፣ ከመሠረቱ ጉድለት ላለበት «ፈራሽ ውል»፣ የክስ ጊዜው ለተዘጋ መብት «በይርጋ የታገደ» እንበል። ቃላቱ ሁሉ በእጃችን ያሉ ናቸው፤ አዲስ መፍጠር አያሻንም። የሚያሻን እያንዳንዱን በድንበሩ ማቆም ነው፤ ድንበሩ ሲፈርስ ዋጋውን የሚከፍለው ተርጓሚው ሳይሆን ተሟጋቹ ነውና።