ሩዋን ሊንግዩ፤ ሐሜት የጐዳት የሲኒማ ተጫዋች

ምላስ አጥንት ሳይኖረው አጥንት ይሰብራል እየተባለ በአገራችን ይነገራል። የዚህን ቃል እውነተኛነት የሚያስረዳ ታሪክ በቻይና አገር ስለ ተፈጸመ፥ ለአንባቢዎቻችን፥ ይልቁንም ለእናቶችና ለእኅቶች፥ ባጭሩ ልንገልጸው ወደድን።

ሩዋን ሊንግዩ በሻንግሃይ ከተማ እንደ ኤውሮፓውያን አቆጣጠር በ1910 ዓ.ም. ተወለደች። አባቷ በሕፃንነቷ ስለ ሞተ፥ እናቷ በአንድ ባለጸጋ ቤት በገረድነት እያገለገለች አሳደገቻት፤ ትምህርት ቤትም አስገባቻት። የባለጸጋው ልጅ ዣንግ ዳሚን ስለ ወደዳት፥ ገና በወጣትነቷ ትምህርቷን ትታ ከእርሱ ጋር መኖር ጀመረች። እርሱ ግን ቁማርተኛ ሆነ። እርስዋም በ1926 ዓ.ም. ሚንግሺንግ ከተባለው የሲኒማ ኩባንያ ገብታ በሥራዋ እናቷንና የማደጎ ልጅዋን ትረዳ ነበር።

በ1930 ዓ.ም. ወደ ሊያንህዋ ኩባንያ ተዛወረች። የተጫወተችባቸው ፊልሞች ድምፅ ስላልነበራቸው፥ ኀዘንንም ደስታንም በዓይንና በፊት ብቻ መግለጽ ነበረባት፤ በዚህም ስሟ ገነነ። በ1934 ዓ.ም. ዉ ዮንግጋንግ ባዘጋጀው «ሴቲቱ አምላክ» በተባለው ፊልም፥ ልጅዋን ለማስተማር ስትል በሌሊት ገላዋን የምትሸጥ እናት ሆና ታየች። በፊልሙ ውስጥ ጐረቤት ሁሉ ሴቲቱን ሲያማት፥ ተመልካቹ ግን የእናትነቷን ፍቅር አይቶ ያዝንላታል።

ከዚያ በኋላ ጻይ ቹሸንግ ባዘጋጀው «አዲሲቱ ሴት» በተባለው ፊልም፥ ጋዜጠኞች ስሟን ያጠፉባትን የተማረች ሴት ሆና ተጫወተች። ይህም በ1934 ዓ.ም. ራሷን ከገደለችው ከሲኒማ ተጫዋቿ ከአይ ሺያ ሕይወት የተወሰደ ነበር። የሻንግሃይ ጋዜጠኞች ግን በፊልሙ ተቈጡ። በዚያው ወራት ዣንግ ዳሚን ሊንግዩን በፍርድ ቤት ስለ ከሰሳት፥ የቤቷ ምስጢር በየጋዜጣው ወጣ። እርስዋም ነቀፋውን መሸከም አቅቷት መጋቢት 8 ቀን 1935 ዓ.ም. (በነርሱ አቆጣጠር) በ24 ዓመቷ ሕይወቷን በገዛ እጅዋ አጠፋች።

እጅግ ብዙ ሕዝብ አስከሬኗን አጅቦ ቀበራት። ከነዚያ አልቃሾች መካከል ጋዜጣውን ገዝተው በስሟ የተሣለቁ አልነበሩም ለማለት አንደፍርም። ታላቁ ደራሲ ሉ ሹንም በዚያው ዓመት ባወጣው ጽሑፍ፥ ጋዜጣ በኀያላን ፊት ደካማ ቢሆንም አቅም በሌላት ሴት ላይ ብርቱ መሆኑን አስረዳ።

እኛም ጽሕፈትን ሥራችን ያደረግን ሰዎች ይህን ወቀሳ ለራሳችን እንቀበለዋለን። አንባቢዎቻችንም በቡና ላይ የሰው ስም በተነሣ ጊዜ ሊንግዩን ቢያስቡ እንወዳለን፤ ለሞተች ሴት ከማልቀስ፥ በሕይወት ሳለች አንደበትን መግታት ይሻላልና።