የሚያውቁት በሕይወት ሳሉ

ዛሬ ወጣቶቻችን በእጅ ስልካቸው ከሩቅ አገር ሰው ጋር ሐሳብ ይለዋወጣሉ። ይህ ነገር ከየት ተነስቶ እዚህ እንደደረሰ የሚጠይቅ ግን ጥቂት ነው። ጥያቄውን አጥብቀው ከያዙት አንዱ ጄሰን ስኮት የተባለ አሜሪካዊ ነው። ሥራው ስለ ኮምፒውተር ለማያውቅ ቤተሰብም ትምህርት አለውና በዚህ ወር ልናነሳው ወደድን። (ዓመታቱ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ኢንተርኔት በየቤቱ ከመግባቱ በፊት «ቢቢኤስ» የሚባል የመልእክት ሰሌዳ ነበር። አንድ ሰው የቤቱን ኮምፒውተር ሞደም በሚባል መሣሪያ ከስልክ መስመር ጋር ያገናኛል። ሌላው ከራሱ ኮምፒውተር ይደውላል፤ የተጻፈውን ያነባል፤ የራሱን ጽፎ ይወጣል። መስመሩ አንድ ከሆነ የሚገባውም በየተራ ነበር። የመጀመሪያውን ሰሌዳ ዋርድ ክሪስተንሰንና ራንዲ ሱዌስ የተባሉ ሁለት ጓደኛሞች በቺካጎ ከተማ ሠርተው በፌብሩዋሪ 1978 ከፈቱት።

ጄሰን ስኮትም በ1980ዎቹ፣ ገና በልጅነቱ፣ የራሱን ሰሌዳ ከፍቶ ያስተዳድር ነበር። ኢንተርኔት ሲስፋፋ ሰሌዳዎቹ አንድ በአንድ ተዘጉ፤ የተጻፈባቸውም አብሮ መጥፋት ጀመረ። ስለዚህ በ1998 የተረፉትን ጽሑፎች በአንድ ቦታ ማሰባሰብ ያዘ። ይሁን እንጂ ጽሑፉ ቢገኝም፣ ሰዎቹ እነማን እንደነበሩና ለምን እንደደከሙ የሚያስረዳው ራሳቸው ሲናገሩ ነው። በመሆኑም ካሜራ አነሳ። የፊልም ኩባንያ ሳይልከው፣ ከከተማ ከተማ እየተጓዘ 200 ያህል ሰዎችን አነጋገረ። በ2005 ስምንት ክፍል ያለው ዘጋቢ ፊልም አወጣ፤ የሠሪው ስም እስከተጠቀሰ ድረስ ማንም እንዲያባዛውም ፈቀደ።

ስለ አሮጌ ኮምፒውተር ይህን ያህል መድከም ምን ይጠቅማል የሚል ይኖራል። ራንዲ ሱዌስ በ2019፣ ዋርድ ክሪስተንሰን በ2024 ከዚህ ዓለም በሞት ተለዩ። ሁለቱም በፊልሙ ውስጥ ታሪካቸውን በገዛ አንደበታቸው ይናገራሉ። ሥራው ሃያ ዓመት ዘግይቶ ቢጀመር ኖሮ ራንዲ ሱዌስን ባላገኘው ነበር።

ወደ ራሳችን ቤት እንመለስ። የሰፈሩ መስጊድ በማን ጉልበት እንደተሠራ፣ ቁርኣን ያቀሯቸው ሼህ ማን እንደነበሩ፣ በእነርሱ ጊዜ ለሐጅ እንዴት ይኬድ እንደነበር የሚያውቁ አባቶችና እናቶች በየቤታችን አሉ። ብዙው አልተጻፈም።

ወንድሞችና እህቶች! ለዚህ ትልቅ ካሜራ አያስፈልግም፤ በኪሳችሁ ያለው ስልክ ይበቃል። አስቀድማችሁ ፈቃዳቸውን ጠይቁ። ጸጥ ያለ ቦታ ምረጡ። ሲናገሩ አታቋርጧቸው። ስማቸውን፣ ቦታውንና ቀኑን መዝግቡ፤ ቅጂውንም ከአንድ በላይ በሆነ ቦታ አኑሩ። ወላጆችም ልጆቻችሁን ይዛችሁ አያቶቻቸው ዘንድ ሂዱ፤ የመጀመሪያውንም ጥያቄ እናንተው ጠይቁላቸው።