ፊልም የኅብረተሰብ መስተዋት ስለ መሆኑ



ሲኒማ የጊዜ ማሳለፊያ ብቻ ነው የሚሉ ብዙዎች ናቸው። ነገር ግን ፊልም አንድን ሕዝብ ለራሱም ለሌላውም የሚያሳይ መስተዋት ነው፤ ስለዚህ መስተዋቱን የያዘው እጅ የማን እንደ ሆነ መመርመር ይገባል። ለዚህም ወሎ ጥሩ ምስክር ናት።

በ1965 ዓ.ም. በወሎ ጠቅላይ ግዛት ረኃብ በገባ ጊዜ ነገሩ ከሕዝብ ጆሮ ተሸሽጎ ቆየ። በጥቅምት ወር 1966 ዓ.ም. ግን እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ በወሎ ያዘጋጀው ፊልም በብሪታንያ ቴሌቪዥን ታየ፤ የባዕድ አገር ሕዝብም ገንዘብ አዋጥቶ ላከ። የአገሩ ሰው ያየው ከዓመት ገደማ በኋላ፥ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ነው። ደርግ ከቤተ መንግሥት የድግስ ሥዕሎች ጋር አቀጣጥሎ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አሳየው፤ በማግሥቱም ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። መንግሥቱን የጣለው ፊልሙ ነው ማለት አይቻልም፤ የወታደሩ፥ የተማሪውና የሠራተኛው እንቅስቃሴ ከወራት በፊት ጀምሮ ነበርና። ሆኖም እውነተኛ ሥዕል እንኳ ከሌላ ሥዕል ጋር ሲገጣጠም አዲስ ፍርድ እንደሚናገር ከዚህ እንረዳለን።

ዐሥር ዓመት ቆይቶ ታሪኩ ተደገመ። ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. መሐመድ አሚን በኮረም ያነሣው ሥዕልና ማይክል ቡርክ ያሰማው ቃል በቢቢሲ ተላልፎ ዓለምን አስደነገጠ። ኮረም ያን ጊዜ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር ነበረች። ርዳታ መጣ፤ ብዙ ነፍስም ዳነ። ነገር ግን የደገኛው መልክ በዓለም ፊት በዚያው ሰዓት ላይ ቆሞ ቀረ። ብዙ የውጭ ሰው ስለ ላስታ የሚያውቀው ሁለት ሥዕል ብቻ ነው፤ አንደኛው 11ዱ የላሊበላ ውቅር አብያተ ክርስቲያናት፥ ሁለተኛው ረኃብ። በሁለቱ መካከል ገብሱን የሚያጭደው፥ ስለ ድንበሩ ዳኛ ፊት የሚሟገተው፥ ልጁን የሚድረው ሰው አይታይም።

ይህን ጉድለት የሚሞላው የአገር ልጅ ፊልም ነው። «ሂሩት አባቷ ማን ነው?» የተባለው የአማርኛ ፊልም በ1957 ዓ.ም. መንገዱን ከፈተ። ኃይሌ ገሪማም በ1968 ዓ.ም. ባወጣው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ጭሰኛውን ምጽዋት እንደሚጠብቅ ሳይሆን፥ ስለ ባለርስቱ የራሱ አሳብ እንዳለው ሰው አድርጎ አሳየው። በህንድም የኬራላ ሰዎች በማላያላም ቋንቋ የሠሩት «ቼሚን» በ1965 እ.ኤ.አ. የዓሣ አጥማጆችን ፍቅርና እምነት አሳይቶ የአገሩን ከፍተኛ የፊልም ሽልማት አግኝቷል።

እንግዲህ በመንግሥት ወንበር ለምንቀመጥ ሁሉ ትምህርቱ ግልጽ ነው። የሸሸግነውን ሌላው ያወጣዋል፤ እኛ ያላነሣነውንም ሌላው በራሱ ዓይን ያነሣዋል። ስለዚህ አንድ የአገር ልጅ በላስታ መንደሮች ፊልም ለማንሣት ፈቃድ ሊጠይቅ ቢመጣ፥ «ነገ ተመለስ» እያልን ደጅ አናስጠናው።