ከፊት ያለውን እያየ የሚሄደው መኪና፡ አዳፕቲቭ ክሩዝ ኮንትሮል እንዴት ይሠራል?

ለዛሬው ዝግጅታችን መነሻ የሆነን ከሳዑዲ ዐረቢያ፣ ከጅዳ ከተማ የደረሰን የአንድ ወንድማችን ጥያቄ ነው። ወንድማችን በሰው ቤት ሾፌር ሆኖ ነው የሚሠራው። የአሠሪዎቹን ልጆች ትምህርት ቤት ያመላልሳል፤ አልፎ አልፎ ደግሞ የአሠሪውን እናት ይዞ መካ ደርሶ ይመለሳል። አሠሪዎቹ በቅርቡ አዲስ መኪና ገዙ። መኪናው የሾፌሩ እግር ሳይነካው ከፊት ካለው መኪና ጋር እየተመጣጠነ የሚሄድ፣ የፊተኛው ሲቀንስ የሚቀንስ፣ ሲፈጥን የሚፈጥን ነው።

ወንድማችን እንዲህ ይላል፦ «አንድ ቀን ማታ ከመካ ስንመለስ ከአንድ የጭነት መኪና ኋላ ሆኜ በሰባ እሄድ ነበር። የጭነት መኪናው ፍሬቻ አሳይቶ በቀኝ በኩል ወጣ። ወዲያው የእኔ መኪና ሳላዘው ሮጠ። ከፊት ደግሞ መኪኖች ተሰልፈው ቆመዋል። ፍሬን ይዤ ለጥቂት ተረፍን። እናትየው ቤት እስክንደርስ አንድ ቃል አልተነፈሱም። መኪናው ተበላሽቶ ነው ወይስ ጥፋቱ የእኔ ነው?»

ወንድማችን፣ መኪናው አልተበላሸም። የታዘዘውን ነው የሠራው። ነገሩ እንዲገባን ግን መኪናው የሚያየውንና የማያየውን መለየት አለብን።

ክሩዝ ኮንትሮል ራሱ አዲስ ነገር አይደለም። የፈለሰፈው ራልፍ ቲቶር የተባለ አሜሪካዊ መሐንዲስ ሲሆን፣ የሚገርመው ሰውየው በአምስት ዓመቱ በደረሰበት አደጋ ዓይነ ስውር የሆነ መሆኑ ነው። እንደሚተረከው ጠበቃው መኪና እየነዳ ይወስደው ነበር። ጠበቃው ሲያወራ ቀስ ይላል፤ ሲያዳምጥ ይፈጥናል። ከጎኑ የተቀመጠው ቲቶር ወደ ፊት ወደ ኋላ መናጡ አሰለቸው። ዓይን ያለው ሰው ላያስተውለው የሚችለውን ነገር እርሱ በሰውነቱ ነው ያወቀው። በመጨረሻም ፍጥነትን በአንድ ልክ የሚይዝ መሣሪያ ሠርቶ እ.ኤ.አ. በ1950 የፈጠራ መብት አገኘበት። እ.ኤ.አ. በ1958 ክራይስለር ኩባንያ ኢምፔሪያል በተባለው መኪናው ላይ ገጥሞ አወጣው። ኩባንያው ያኔ «ኦቶ ፓይለት» ብሎ ነበር የሰየመው። ይህችን ስም ያዙልኝ፤ በኋላ እንመለስባታለን።

ያ የጥንቱ ክሩዝ ኮንትሮል ልክ እንደ ፈልሳፊው አያይም ነበር። «በመቶ ሂድ» ከተባለ በመቶ ይሄዳል። ዳገት ላይ ነዳጅ ይጨምራል፣ ቁልቁለት ላይ ይቀንሳል። ከፊቱ ግመል ይኑር ተሳቢ አያውቅም። ሾፌሩ ፍሬን ካልረገጠ ሄዶ ይላተማል። ስለዚህ መኪና በሚበዛበት መንገድ ላይ ብዙም አይጠቅምም ነበር።

ዓይን የተጨመረለት በ1990ዎቹ ነው። ሚትሱቢሺ እ.ኤ.አ. በ1995 ዲያማንቴ በተባለው መኪናው ላይ በሌዘር ርቀት የሚለካ መሣሪያ ገጠመ። ሆኖም ነዳጅ ከመቀነስና ማርሽ ከማውረድ በስተቀር ፍሬን የመያዝ ሥልጣን አልነበረውም። መርሴዲስ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1999 በኤስ ክላስ መኪናው ላይ ራዳር ገጥሞ ፍሬንም እንዲይዝ አደረገ። ዛሬ መጠነኛ ዋጋ ባላቸው መኪኖች ላይ ሳይቀር የምናየው የዚህ ዝርያ ነው። ራዳሩ ብዙውን ጊዜ ከፊት ከኩባንያው ምልክት ጀርባ ወይም ከፓራውልቱ ዝቅ ብሎ ይቀመጣል። ብዙዎቹ ከፊት መስታወቱ አናት ላይ አንድ ካሜራም አላቸው።

ራዳሩ የሚሠራው በገደል ማሚቶ ነው። እረኛ ከገደል አፋፍ ቆሞ ሲጮህ ድምፁ ከማዶ ተላትሞ ይመለስለታል፤ ማዶው ሲርቅ ማሚቶው ይዘገያል። ራዳርም የማይታይና የማይሰማ የራዲዮ ሞገድ ይልካል፤ ሞገዱ ከፊተኛው መኪና ብረት ተላትሞ ይመለሳል። ልዩነቱ ፍጥነቱ ላይ ነው። የራዲዮ ሞገድ በሰከንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ያህል ይጓዛል። በመሆኑም 150 ሜትር ርቆ ካለ መኪና ደርሶ ለመመለስ የሚፈጅበት ጊዜ የሰከንድ አንድ ሚሊዮነኛ ብቻ ነው።

ይህን ያህል ትንሽ ጊዜ እንዴት ይለካል? እዚህ ላይ መሐንዲሶቹ ብልሃት ተጠቅመዋል። እረኛው በአንድ ዓይነት ድምፅ ከመጮህ ይልቅ ድምፁን ከወፍራም ወደ ቀጭን ያለማቋረጥ እያሸጋገረ ይጮሃል እንበል። ማሚቶው ሲመለስ እረኛው ከዚያ ይበልጥ ወደ ቀጠነው ድምፅ ተሸጋግሯል። ማዶው በራቀ ቁጥር አሁን በሚያወጣውና በሚሰማው ድምፅ መካከል ያለው ልዩነት ይሰፋል። ራዳሩም ሰዓት አይቆጥርም፤ ይህን ልዩነት አይቶ ርቀቱን ያውቃል።

የፊተኛውን ፍጥነት የሚያውቀው ደግሞ አምቡላንስ ስትመጣና ስትሄድ በምንሰማው ለውጥ ነው። ወደ እኛ ስትመጣ ጩኸቷ ይቀጥናል፤ አልፋን ስትሄድ ይወፍራል። ብዙዎቹ የመኪና ራዳሮች በሰከንድ 77 ቢሊዮን ጊዜ ያህል የሚርገበገብ ሞገድ ይጠቀማሉ። ወደ ፊተኛው መኪና በሰዓት 10 ኪሎ ሜትር ብቻ እየቀረብን ከሆነ፣ የሚመለሰው ሞገድ በሰከንድ ወደ 1,400 ያህል ተጨማሪ ርግብግቢት ይዞ ይመጣል። ከ77 ቢሊዮን አንፃር ኢምንት ነው፤ ለመሣሪያው ግን በቂ ነው።

ከዚያ የሚቀረው የትኛው መኪና በእኛ ረድፍ እንዳለ መለየት ነው። ራዳሩ ከአንድ በላይ መቀበያ ስላለው ማሚቶው ከየት አቅጣጫ እንደመጣ ያሰላል፤ መሪው ምን ያህል እንደዞረም ይነገረዋል። ቢሆንም ኩርባ ላይ ይሳሳታል። የጎን ረድፉን መኪና የራሱ መስሎት ሊቀንስ፣ ወይም ከፊቱ ያለውን ለቅጽበት አጥቶት ሊፈጥን ይችላል።

አሁን ወደ ወንድማችን መኪና እንመለስ። ሾፌሩ ለመኪናው ሁለት ትእዛዝ ሰጥቶታል። አንደኛው «ከዚህ ፍጥነት አትለፍ» የሚል ነው፤ ወንድማችን በነጻው መንገድ ላይ 120 ሞልቶ ነበር። ሁለተኛው «ከፊተኛው ይህን ያህል ራቅ» የሚል ሲሆን ዳሽቦርዱ ላይ በትናንሽ ሰረዞች ይታያል። ይህ ርቀት በሰከንድ እንጂ በሜትር አይለካም። በሰዓት 100 ኪሎ ሜትር የሚሄድ መኪና በአንድ ሰከንድ 28 ሜትር ያህል ይጓዛል። ሁለት ሰከንድ ራቅ ከተባለ 56 ሜትር ገደማ ይተዋል ማለት ነው። በ60 ሲሄድ ግን ሁለት ሰከንዱ 33 ሜትር ይሆናል። (56 ሜትር ክፍት ሲያይ የማይገባ ሾፌር ጥቂት ነው። ብዙ ሰው በዚህ ተማሮ ሰረዙን ወደ መጨረሻዋ አንዲት ያወርደዋል። እኔ በግሌ ይግቡ ባይ ነኝ።)

ከሁለቱ ትእዛዞች መኪናው ሁልጊዜ ዝቅ ያለውን ፍጥነት ይወስዳል። የጭነት መኪናው በ70 ከፊት ሳለ የሚገዛው የርቀቱ ትእዛዝ ነበር። የጭነት መኪናው ሲወጣ ያ ትእዛዝ ወደቀ፤ የቀረው «120» ብቻ ነው። መኪናው መንገዱ ክፍት መስሎት ወደ 120 ጉዞ ጀመረ። ሾፌሩ 120ን ከረሳው ቆይቷል፤ መኪናው ግን አልረሳም።

እዚያ የቆሙትን መኪኖች ግን ለምን አላየም? ይህ የነገሩ ዋና ቁም ነገር ስለሆነ ረጋ ብለን እንየው።

በራዳር ዓይን ስታዩት የቆመ ነገር ሁሉ በራሳችሁ ፍጥነት ወደ እናንተ ይመጣል። የመንገድ ምልክት፣ የድልድይ ብረት፣ የመንገድ ዳር አጥር፣ የጉድጓድ ክዳን፣ አስፋልት ላይ የተጣለ ቆርቆሮ፣ ሁሉም ማሚቶ ይመልሳሉ። ራዳሩ ከፍታን በደንብ ስለማይለይ ከላይ የተዘረጋውን ድልድይና ከታች የቆመውን መኪና ያምታታል። መኪናው ለእያንዳንዱ ፍሬን ቢይዝ ከኋላ ያለው ይገጨን ነበር። ስለዚህ ሠሪዎቹ መረጡ፤ ሲንቀሳቀስ ያላየነውን የቆመ ነገር ለፍጥነት መመጠኛው አንቁጠረው አሉ። ፊት ለፊቱ ሲሄድ ያየው መኪና ቀንሶ ቢቆም ብዙዎቹ አዳዲስ መኪኖች ከኋላው ሄደው ይቆማሉ። መጀመሪያ ሲያየው ቆሞ ያገኘውን መኪና ግን ሊንቀው ይችላል። ካሜራ የተጨመረላቸው አዳዲሶቹ በዚህ ረገድ ብዙ ተሻሽለዋል። ሆኖም ከመኪናዎች ጋር የሚመጡት መጽሐፎች ዛሬም ስለ ቆመ መኪና ያስጠነቅቃሉ።

ወንድማችን ላይ ሊደርስ የነበረው ነገር አሜሪካ ውስጥ ደርሷል። እ.ኤ.አ. ጥር 22 ቀን 2018 ካሊፎርኒያ ውስጥ በከልቨር ሲቲ ከተማ፣ አንድ የእሳት አደጋ መኪና ሌላ አደጋ ለመርዳት አውራ ጎዳና ላይ ቆሞ ነበር። ከኋላ አንድ ቴስላ ሞዴል ኤስ ሌላ መኪና እየተከተለ ይመጣል። ፍጥነቱ በሰዓት 34 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ የተሞላለት ግን 129 ገደማ ነበር። ከፊቱ ያለው መኪና ረድፍ ቀይሮ ሲወጣ ቴስላው ወደ 50 ፈጥኖ የእሳት አደጋውን መኪና ከኋላ ገጨው። የእሳት አደጋው መኪና ውስጥ ሰው ስላልነበረ፣ የቴስላውም ሾፌር ስላልተጎዳ ጉዳቱ በንብረት ብቻ አለፈ። የአገሪቱ የትራንስፖርት ደኅንነት ቦርድ መርምሮ እ.ኤ.አ. በ2019 ባወጣው ሪፖርት፣ ሾፌሩ መንገዱን ትቶ በመሣሪያው ላይ ከመጠን በላይ መተማመኑን፣ እንዲሁም መሣሪያው ሾፌሩ ከማሽከርከር እንዲዘናጋ በሚፈቅድ መንገድ መሠራቱን በምክንያትነት አስቀመጠ። ከግጭቱ በፊት ለሦስት ደቂቃ ከአርባ ሰከንድ ያህል እጁ መሪው ላይ እንደነበር የሚያሳይ ምልክት አልተገኘም። የመሣሪያው ስም ማን መሰላችሁ? «ኦቶ ፓይለት»! ከ60 ዓመት በኋላ ያችው ስም ተመልሳ መጣች። ራሱን የማይነዳ መኪና ራሱን እንደሚነዳ በሚያስመስል ስም መጥራት፣ እንደኔ አስተያየት ከራዳሩ ጉድለት ያልተናነሰ ችግር ነው።

ስለ ፍሬኑም አንድ ነገር እንጨምር። ይህ መሣሪያ ፍሬን የሚይዘው በልኩ ነው። የዓለም አቀፉ የደረጃዎች ድርጅት ባወጣው ደረጃ መሠረት በከፍተኛ ፍጥነት ላይ ሳለ በየሰከንዱ ከፍጥነቱ በሰዓት 12 ወይም 13 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ እንዲቀንስ ነው የተፈቀደለት። በዚህ አያያዝ ከ100 እስከ መቆም ወደ 110 ሜትር ይፈጅበታል። ሰው በደረቅ አስፋልት ላይ ፍሬኑን አጥብቆ ሲረግጥ፣ እግሩ ፍሬኑ ላይ ካረፈ በኋላ፣ ከ50 ሜትር ባነሰ ሊቆም ይችላል። ጩኸት እያሰማ ድንገት አጥብቆ የሚይዘው የአደጋ ጊዜ ፍሬን ሌላ መሣሪያ ነው፤ ዓይኑን ይጋሩ እንጂ ሥራቸው የተለያየ ነው።

ጥያቄው ከጅዳ ይምጣ እንጂ ጉዳዩ አገር ቤትም ገብቷል። መንግሥት የነዳጅ የቤት መኪኖች ወደ አገር እንዳይገቡ እ.ኤ.አ. በ2024 ከከለከለ ወዲህ፣ ከቻይና ከሚመጡት የኤሌክትሪክ መኪኖች ብዙዎቹ ይህን መሣሪያ ይዘው ነው የሚመጡት። ከአዲስ አበባ አዳማ ባለው የክፍያ መንገድ ላይ ቦታውን አግኝቷል፤ የተሠራው ለእንዲህ ዓይነቱ መንገድ ነውና። አህያ፣ ጋሪና እግረኛ በሚጋፉበት መንገድ ላይ ግን ባይከፈት ይመረጣል። የእንስሳም ሆነ የሰው ገላ እንደ መኪና ብረት ማሚቶ አይመልስም።

ወደ ጥያቄህ ስንመለስ ወንድማችን፣ ጥፋቱ ያንተ ነው ለማለት አፌ አይደፍርም። ቁልፉን ሰጡህ እንጂ ማንም አላስተማረህም፤ መጽሐፉም በአረብኛና በእንግሊዝኛ ብቻ እንደሆነ ነግረኸናል። ከእንግዲህ ግን ከጭነት መኪና ኋላ ስትሆን የሞላኸውን ቁጥር ዝቅ አድርገው፤ በ70 የምትሄድ ከሆነ 80 ይበቃል። የፊተኛው ፍሬቻ ሲያሳይ እግርህን ከፍሬኑ በላይ አዘጋጅ። ፍሬኑን ስትነካ መሣሪያው ወዲያው ይለቃል። ነዳጅ መስጫውን እየረገጥክ ሳለ ግን ትእዛዙ ያንተ ስለሆነ መኪናው ርቀት ለመጠበቅ ብሎ አይቀንስልህም። መሪው ላይ «ቀጥል» የምትል አዝራር አለች፤ ስትጫናት መኪናው ቀድሞ ወደ ተሞላው ቁጥር ይመለሳል፤ ቁጥሩን ሳታይ አትጫናት። መጽሐፉን ደግሞ ከልጆቹ ትልቁ ያንብብልህ። ስለ ቆሙ መኪኖች የሚናገረውን ገጽ ያስቀድም፤ ብዙውን ጊዜ የማስጠንቀቂያ ምልክት አለበት።