የኮሪያው ዶሮና የቤታችን ኩርፊያ



የመጋቢ ቤት በር አይዘጋም። እኛ የምንኖርባት ገላን ደግሞ የፋብሪካ ከተማ ናት፤ ለሥራ ከየክልሉ የመጡ፣ ወላጆቻቸው በሩቅ ያሉ ወጣቶች ቤተ ክርስቲያናችንን ሞልተዋል። ባለቤቴ ቅዳሜ ማታ ከጸሎት በኋላ አምስት ስድስቱን ይዞ ይመጣል። አስቀድሞ መደወል ግን አያውቅም። እኔም ፈገግ ብዬ እቀበላለሁ፤ ወጥ ቤት ገብቼ የማለቅሰው ግን በሽንኩርቱ ብቻ አልነበረም። እንግዶቹ ሲሄዱ እንኮራረፋለን። እሁድ እሱ ስለ ፍቅር ሲሰብክ እኔ ከፊት ተቀምጬ «አሜን» ማለት ያቅተኛል። ይህን መጻፍ ያሳፍራል፤ ነገር ግን ብቻዬን እንዳልሆንኩ አውቃለሁ።

ቢላ የጨበጠው መጋቢ

አንድ ቅዳሜ ይዞ የመጣው በዕድሜ የገፉ ኮሪያውያን ሚስዮናውያን ባልና ሚስት ነበር። ኮሪያና እኛ ባዕድ አይደለንም። የቃኘው ሻለቃ በ1943 ዓ.ም. ወደዚያች አገር ዘምቶ ከ120 በላይ ወታደሮቻችን በዚያ ወድቀዋል። ሕዝቡ «ኮሪያ ሆስፒታል» የሚለውን የአዲስ አበባውን ሆስፒታልም ያቋቋመችው በሴኡል ያለችው የምዩንግሰንግ ቤተ ክርስቲያን ናት።

እናትየዋ ወጥ ቤት ገብተው «ዛሬ እኔ ልሥራ» አሉ። ባላቸው ኮታቸውን አውልቀው ድንች መላጥ ጀመሩ። ባለቤቴ ደንግጦ «ኧረ አባባ፣ ይተዉት፣ ሳሎን እንቀመጥ» ቢላቸው ሳቅ ብለው ሌላ ቢላ አቀበሉት። እንቢ ማለት አልቻለም። ግማሹ ድንች ከልጣጩ ጋር ሄደ! አንድ ሰዓት ያህል ቆሞ ሲሠራ ቆየና ዝቅ ባለ ድምፅ «ይሄን ሁሉ በየሳምንቱ ብቻሽን ነው የምትሠሪው?» አለኝ። ለዓመታት የጠበቅሁት ጥያቄ ነበር። በዚያች ሌሊት ሳንኮራረፍ ተነጋገርን። እኔም ይቅርታ ጠየቅሁት፤ የሚከብደኝን ሳልነግረው እንዲያውቅልኝ ስጠብቅ ኖሬ ነበርና።

አሠራሩ (ለስድስት ሰው)

ምግቡ ዳክዶሪታንግ ይባላል፤ «ዳክ» ዶሮ፣ «ታንግ» መረቅ ማለት ነው። እንደ ዶሮ ወጥ ያቃጥላል፤ ነገር ግን ቁሌትም ቅቤም የለውም።

የሚያስፈልገው፦ የተበለተ 1 ዶሮ፣ 4 ድንች፣ 2 ካሮት፣ 2 ራስ ሽንኩርት፣ 8 ፍንካች ነጭ ሽንኩርት፣ ጥቂት ዝንጅብል፣ 3 የሾርባ ማንኪያ የተፈጨ በርበሬ፣ 5 የሾርባ ማንኪያ ሶያ ሶስ፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ማር ወይም ስኳር፣ 3 ብርጭቆ ውሃ፣ የተቆላ ሰሊጥ።

በርበሬው ቅመም ያልገባበት፣ ፍሬው የተራገፈ ይሁን። የወጥ በርበሬያችን ኮረሪማና ሌላ ቅመም ስላለው ጣዕሙን ወደ ዶሮ ወጥ ይመልሰዋል። ኮሪያውያን ጎቹጃንግ የሚሉትን፣ ከበርበሬ፣ ከሩዝና ከተብላላ አኩሪ አተር የሚሠራ ድልህ ይጨምራሉ። ካገኛችሁ 2 ማንኪያ በቂ ነው፤ ካጣችሁ በርበሬውንና ማሩን ትንሽ ጨመር አድርጉ።

ዶሮውን አምስት ደቂቃ አፍልታችሁ የመጀመሪያውን ውሃ ድፉ። ከዚያ በርበሬውን፣ ሶያ ሶሱን፣ ማሩን፣ የተወቀጠውን ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል ከ3 ብርጭቆ ውሃ ጋር ጨምራችሁ 15 ደቂቃ ክደኑት። በትልልቁ የተቆረጠውን ድንች፣ ካሮትና ሽንኩርት አስገብታችሁ መረቁ እስኪወፍር 25 ደቂቃ ያህል አብስሉ። የሐበሻ ዶሮ ከሆነ ድንቹ ከመግባቱ በፊት ሥጋው እስኪለሰልስ ታገሡት። ሰሊጡን ነስንሳችሁ በሩዝ አቅርቡ። የእኛ ልጆች በእንጀራ ነው የሚበሉት፤ እሱም ያምራል።

ከድስቱ የተማርነው

በሉቃስ 10 ጌታ ማርታን የገሠጻት ምግብ ስለሠራች ሳይሆን በብዙ ነገር ስለተጨነቀች ነው። እኔም እንግዳ መቀበሌ ሳይሆን ምሬቴ ነበር የሚያደክመኝ። በሐዋርያት ሥራ 18 ደግሞ አጵሎስን ወስደው ያስተማሩት ጵርስቅላና አቂላ አብረው ናቸው። ቤታቸውን የከፈቱት ሁለቱም ነበሩ። ባል የሚጋብዝበት፣ ሚስት ግን ብቻዋን የምትሸከምበት ቤት ግማሹ ብቻ ነው የተከፈተው።

ወንድሞች ሆይ፣ እንግዳ ስትጠሩ አስቀድማችሁ ለሚስቶቻችሁ ንገሩ፤ ከዚያም እጃችሁን ታጠቡና ወጥ ቤት ግቡ። እህቶችም ሸክማችሁን በኩርፊያ ሳይሆን በቃል ግለጹ።

ባለቤቴ ዛሬም አንዳንዴ መደወል ይረሳል። ሲገባ ግን ቀጥታ ወደ ድንቹ ይሄዳል። ልጣጩም እየሳሳ መጥቷል፤ ጌታ ይመስገን!